የያቶር ቤት የውሃ ተራ

ያ በጋ ቦዩ ዝም ያለበት በጋ ነበር። የካፕሶኮም መንደር ሰው ከእናቱ ማህፀን ሲወጣ መጀመሪያ የሚሰማው የውሃ ድምፅ ነው። ከገደሉ ወገብ ተጠማዝዞ የሚወርደው ቦይ ሲያጉረመርም ይውላል፣ ሲያጉረመርም ያድራል፤ ስለዚህም ማንም ልብ ብሎ አይሰማውም። በዚያ በጋ ሲቋረጥ ግን ሁሉም ሰማው። ዶሮዎቹ እንኳ አንድ ነገር እንደ ጠፋባቸው አንገታቸውን እያሰገጉ ይቆሙ ነበር። ሙቀቱ ከታች፣ ከኬሪዮ ወንዝ በኩል፣ እንደ ምድጃ ወላፈን ይመጣል። ድንጋይ ላይ እጅ አይሳረፍም። ማሽላው ፍሬ ሳይቋጥር ቅጠሉ ተጠቅልሎ ቀረ። የሴቶቹ ከንፈር ተሰነጣጥቆ ሲስቁ ስለሚደማ ሳቅም ቀረ፤ ከዚያ ዘመን የተረፈ ሰው ስለ ረሃቡ ከማውራቱ በፊት ስለዚያ ሳቅ ያወራል።

ቦዩን ዝም ያሰኘው ድርቁ ብቻ አልነበረም። ከላይ፣ ገደሉ ቀጥ ብሎ በሚወርድበት ቦታ፣ ውሃው የሚሻገረው በተቦረቦረ ግንድ ላይ ነው። ያ ግንድ በስብሶ ወደቀ። ሊተኩት ከወጡት ወንዶች መካከል ያቶር ነበረበት፤ በወገቡ የታሰረው ገመድ ድንጋይ ላይ ሲፈተግ ቆይቶ ተበጠሰ። ሬሳውን በፍየል ቆዳ ጠቅልለው ይዘው ሲመጡ ሚስቱ ተሪኪ ዳጉሳ እየፈጨች ነበር። ሰዎቹ የአጥር ግቢው በር ላይ ቆመው እያየቻቸው ወፍጮውን አላቆመችም፤ የያዘችውን እፍኝ ጨርሳ ነው የተነሳችው። ሰው ይህን በልበ ደንዳናነት ቆጠረባት። እሷ ግን ከዚያ ወፍጮ ስትነሳ ምን እንደሚጠብቃት ያወቀች ብቸኛ ሰው ስለነበረች ነው ያልተነሳችው።

ተሪኪ ያን ጊዜ አርባ ሊሞላት ትንሽ የቀራት፣ ረጅም፣ መዳፏ እንደ አካፋ የሰፋ ሴት ነበረች። ሁለት ልጅ ወልዳ ሁለቱም ጥርስ ሳያወጡ ሄደውባታል። ከዚያ በኋላ ማህፀኗ ተዘጋ። ያቶር ሁለተኛ ሚስት እንዲያገባ ሲመክሩት «ድሃ ነኝ፣ አንዷን ማብላት አቅቶኛል» እያለ ይስቅ ነበር፤ ድህነቱም እውነት ነው፣ ግን ምክንያቱ ድህነቱ እንዳልሆነ መንደሩ ያውቃል።

ከጥቂት ከብትና ፍየል ሌላ የያቶር ቤት ያለው ሀብት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ በየስምንት ቀኑ ግማሽ ቀን የውሃ ተራ። በካፕሶኮም መሬት ሀብት አይደለም። መሬት እስከ ወንዙ ድረስ እንደ አመድ ተዘርግቷል፤ ውሃ ካልነካው አመድ ነው። ቦዩን አያት ቅድመ አያቶች በእንጨት መቆፈሪያ ከገደሉ ጠርበው አወረዱት፤ የቆፈረ ቤት ተራ ያዘ፣ ተራውም ከአባት ወደ ልጅ ይወርዳል። ቀንዱ ሲነፋ ለጥገና የሚወጣ ወንድ የሌለው ቤት ተራውን ለቅርብ ወንድም ይለቃል። ሴት ደግሞ ከታች ከመቅጃው ውሃ ትቀዳለች እንጂ የቦዩን ራስ አትረግጥም። ይህን የሚጠይቅ አልነበረም።

የያቶር የቅርብ ወንድም ኪሳንግ ነበር። ሁለት ሚስት፣ ሰባት ልጅ፣ እሱም አንድ ተራ ብቻ አለው። ክፉ ሰው አልነበረም። ልጆቹ ሆዳቸው ተነፍቶ እግራቸው የቀጠነ ነበር፤ ይህን አይቶ ነው የመጣው። ተሪኪ ፀጉሯን ተላጭታ ሐዘን ተቀምጣ ሳለች ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር ገብቶ በርጩማ ላይ ተቀመጠ።

«የወንድሜ ሚስት» አላት፣ «እሳትሽ ብቻውን አይንደድ። ወደ እኔ ግቢ። ውሃውም አንቺም አትባክኑ።»

«እኔን ብታስቀድመኝ ምን ነበረበት፣ ዋርሳዬ» አለችው።

ሽማግሌዎቹ ሳቁ። ኪሳንግም ሳቀ፤ ዓይኑን ግን ከመሬት አላነሳም። ተሪኪ ፀጉሬ እስኪበቅል ታገሡኝ ብላ ለመነች፣ ፈቀዱላት።

ፀጉሯ ሲበቅል ወደ ኪሳንግ ቤት አልሄደችም። አንድ ማለዳ ተነስታ ገደሉን ወጥታ ወደ ደጋው ሄደች፤ ሚስት ፍለጋ። እኛ ዘንድ ልጅ የሌላት ሴት ከብት ካላት ሚስት ታገባለች። ማጫ ትሰጣለች፣ የሣር አምባር ታስራለች፣ ሚስቲቱ የምትወልደው ሁሉ የእሷ ቤት ልጅ ይሆናል፤ ማን እንዳስወለደ አይጠየቅም፣ የጠየቀም ነውረኛ ይባላል። ይህ አዲስ ነገር አይደለም። ግን ሚስት ያገቡት ሴቶች ሁሉ ወንድም ወይም የወንድም ልጅ ተራቸውን የሚቆምላቸው ነበሩ። ተሪኪ የሚቆምላት አንድ ሰው ኪሳንግ ነው፤ ለኪሳንግ ደግሞ ከሰጠችው ሰጠችው ነው።

በደጋው ጄላጋት የምትባል፣ በአባቷ ቤት ሳለች ሴት ልጅ የወለደች የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ወጣት አገኘች። አባትየው ምርጫ አላበዛም። እናትየው ግን ተሪኪን ከላይ እስከ ታች አየቻት።

«ባልየው ይሰክራል?» አለች።

«አይሰክርም።»

«ይማታል?»

«እጁ ሰፊ ነው፤ ግን አይማታም» አለች ተሪኪ መዳፏን እያሳየች።

ጄላጋት ከጓዳ ሆና ስትሰማ ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት ወጣች። በዚያ ሳቅ ነው የተስማማችው ይባላል። የያቶር በሬና ሦስት ላም፣ ከፍየሎቹም አብዛኞቹ ገደሉን ወጥተው ቀሩ፤ ጄላጋት ካቦን የምትባለውን ሕፃኗን አዝላ ወረደች።

ኪሳንግ ለሠርጉ መጣ፣ ጠላውን ጠጥቶ ሄደ። የሚጠብቀው ቀንዱ የሚነፋበትን ቀን ነበር።

ዝናብ ሊገባ ሲል ቀንዱ ተነፋ። አዲሱ ግንድ ተቦርቡሮ ስላለቀ ከየቤቱ አንድ ወንድ ተጠራ። ተሪኪ የያቶርን መጥረቢያ ትከሻዋ ላይ አድርጋ ወጣች። ሴት ከማታልፈው ቋጥኝ ሥር ስትደርስ ወንዶቹ ሥራቸውን አቆሙ።

ኪሳንግ ተነስቶ መንገዱ ላይ ቆመ። «ጡት ያለው ሰው የቦዩን ራስ ከረገጠ ውሃው ይሸሻል» አለ። «እኔ ያልኩት አይደለም፣ አባቶቻችን ያሉት ነው።»

«ጡትማ ካልከው አያ ኪሳንግ» አለ ከኋላ አንዱ፣ «ጠላ ከበዛልህ ወዲህ ያንተም ትንሽ አይደለም።»

ሳቁ ከበረደ በኋላ ሁሉም ወደ ቼፕኮንጋ ዞረ። ቼፕኮንጋ የውሃ አባት ነበር፤ ተራውን የሚያከፋፍል፣ የሚጣሉትን የሚዳኝ፣ አንድ ዓይኑ የጠፋ ሽማግሌ። ውሃው የሸሸው እሷ ሳትረግጠው ነው ብሎ ጀመረ። ከዚያም ጣቱን እያጠፈ ጠየቀ፦ «ማጫውን የሰጠ ማነው? እሷ። አምባሩን ያሰረ ማነው? እሷ። ልጅ ቢወለድ የማን ቤት ልጅ ነው? የእሷ ቤት። እንግዲህ ባል ማለት ከዚህ ሌላ ምንድን ነው? ካለ ንገሩኝ፣ እኔም አርጅቻለሁ ልማር።»

ኪሳንግ ከመንገዱ ዞር አለ። ቼፕኮንጋ ግን ፍርዱን በዚያ አልጨረሰም። ወደ ተሪኪ ዞሮ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ወንድ ከሆንሽ ግን ሙሉ ነሽ። የውሃ እንስራ አትሸከሚም። ወፍጮ አትነኪም። ምጥ ቤት አትገቢም። ከሴቶች ጋር ተቀምጠሽ አታወሪም። ቀንዱ ሲነፋ ካልመጣሽ እንደማንኛውም ወንድ ፍየል ትቀጪያለሽ። ጠዋት ወንድ፣ ማታ ሴት የሆነ ሰው ውሃው አይወደውም። ትችያለሽ?»

«እችላለሁ አባባ» አለች።

ያን ዕለት ባሏ የወደቀበት ገደል ላይ በገመድ ታስራ ወረደች። ገመዱን ከላይ ከያዙት አንዱ ኪሳንግ ነበር። ጥብቅ አድርጎ ነው የያዘው፤ ይህን አብሮት የያዘ ሰው ይመሰክርለታል።

ውሃው ወረደ። ማሽላው በቀለ። የመጀመሪያው ዓመት ድል ይመስል ነበር።

የጠፋባትን ነገር ያወቀችው ቀስ ብላ ነው። መቅጃው ላይ ሴቶች ጀርባቸውን ለፀሐይ ሰጥተው ሲያወሩ እሷ መጥረቢያዋን ይዛ ስታልፍ ዝም ይላሉ። በክፋት አይደለም፤ ወንድ ሲያልፍ ዝም ይባላል። አብረዋት ከተገረዙት፣ ምስጢሯን ሁሉ ከሚያውቁት አንዷ «ደህና ዋልክ» እንደማለት አንገቷን ሰበር አድርጋ ሰላም አለቻት፣ ተሪኪ ያን ቀን ምሳ አልበላችም። ጠላ ቤት ከወንዶች ጋር በርጩማ ተሰጥቷት ረጅሙን የመምጠጫ ሸንበቆ ትቀባበላለች፤ ግን እነሱም ስትገባ ቀልዳቸውን ያሳጥራሉ። ከሁለቱም ወገን የቀረች ሆነች። የምታወራው ከጄላጋት ጋር ብቻ ነበር፤ ከጄላጋትም ጋር ባል ከሚስቱ ጋር የሚያወራውን ያህል ብቻ።

ጄላጋት በሦስተኛው ዓመት ማማጥ ስትጀምር አሮጊቶቹ ገብተው በሩን ዘጉ። ተሪኪ ከአጥሩ ውጭ ከወንዶቹ ጋር ቆመች። ከዚያ ቤት ውስጥ ሁለት ጊዜ አምጣ ወልዳለች፤ አሁን ግን ጩኸቱን የምትሰማው እንደ ማንኛውም ባል ከውጭ ነው። ወንድ ልጅ ነው ብለው ሲነግሯት ሰማይ ሰማይ አየች። ስሙ ኪቦር ተባለ። ልጁ አፉን ሲፈታ ጄላጋትን እማማ፣ ተሪኪን አባባ አለ፤ ማንም አላረመውም፣ ትክክል ነውና።

ዘመኑ እንዲህ አለፈ። የደጋው ሰው ድንች መትከል ጀመረ፤ የቆላው ሰው ፍየሉን እየነዳ ወጥቶ በድንች ይለውጥ ነበር። ካቦን ተድራ ወደ ኤልዶሬት ከተማ በኩል ሄደች። ቼፕኮንጋ ሞተና የውሃ አባትነቱ በዕድሜ ተራ ለኪሳንግ ደረሰው፤ ሰው ይሆናል ብሎ እንደፈራው ሳይሆን ውሃውን በትክክል ያካፍል ነበር። ልጆቹ ግን እንደ እሱ አልነበሩም። ተሪኪ ከማሳዋ አፍ ዞር ካለች የውሃ መመለሻውን ድንጋይ አንስተው ውሃውን ወደ ራሳቸው ይመልሱት ነበር። ስለዚህ ለኪቦር ከሌላው ነገር ሁሉ አስበልጣ ያስተማረችው አንድ ነገር ነው፦ ተራህ ሲሆን ከውሃው አፍ አትነቃነቅ። ቢርብህም፣ ቢዘንብም፣ ሰው ቢጠራህም። ልጁ እሺ ባይ ነበር። አንድ ጊዜ ንብ ነድፎት ፊቱ አብጦ ዓይኑ ተደፍኖ እንኳ እስከ ተራው መጨረሻ ቆሞ ተገኘ፤ ተሪኪ ይህን በየጠላ ቤቱ እያወራች ትኮራ ነበር።

ኪቦር አሥራ ሰባት ዓመት ሲሞላው ከእኩዮቹ ጋር ተገረዘ። ቁስላቸው እስኪድን ከተደበቁበት ጫካ ወጥተው ሲጨፈር ኪሳንግ ከሽማግሌዎቹ መካከል ሆኖ ለተሪኪ ቀስ ብሎ ነገራት፦ ቤትሽ አሁን ወንድ አለው፣ ጉልበትሽም ደክሟል፣ ስትፈልጊ ልታስረክቢው ትችያለሽ። አላስገደዳትም። ምርጫው የእሷ ነበር።

ጄላጋት ነገሩን ስትሰማ አልወደደችውም። ሃያ ዓመት አብረው ሲኖሩ ስትቀልድ የምትጠራት በአንድ ስም ነበር፤ ያን ዕለትም በዚያው ጠራቻት።

«አንቺ ሰውዬ፣ ልጁ እኮ ገና ነው። ሁለት ዓመት ብቻ ቆዪ። ጢሙ ይውጣ።»

«ወገቤ አልቋል» አለች ተሪኪ።

ወገቧ አልቆ ነበር፣ ውሸት አይደለም። ግን ወገቧ ካለቀ አምስት ዓመት አልፎታል። እውነተኛው ነገር ሌላ ነው። ከዚያ በፊት በነበረው ሳምንት ከማሳ ስትመለስ የጎረቤት ሴቶች ዳጉሳ ሲወቁ ደርሳ ከአጥሩ ጀርባ ቆማ ነበር። አንዷ ስለ ባሏ ማንኮራፋት እያወራች ሌሎቹ እንባቸው እስኪወርድ ይስቁ ነበር። ተሪኪ እዚያ አጥር ሥር ቀዝቃዛ ድንጋይ ላይ ተቀምጣ፣ ስድሳ ሊሞላት የቀረበች ሰው፣ እንደ ሌባ ሰማቻቸው። ይህን ያወራችው ከብዙ ዓመት በኋላ ነው።

በሽማግሌዎቹ ፊት የዳጉሳ ጠላ ተጠመቀ። ተሪኪ ምራቋን ደረቷ ላይ እንትፍ ብላ መረቀች፣ መጥረቢያውን ለኪቦር ሰጠች፣ ኪሳንግም «የያቶር ቤት ሰው ዛሬ ይህ ነው» ብሎ ተናገረ፤ ሁሉም ሰማ፣ ሁሉም ጠጣ።

በማግስቱ ማለዳ ተሪኪ እንስራ አዝላ ወደ መቅጃው ወረደች። ሴቶቹ አዩዋት። ከዚያ አንዷ ከተቀመጠችበት ድንጋይ ዞር ብላ ቦታ ለቀቀችላት።

«ባልሽን ምን አደረግሽው?» አለቻት።

«አረጀብኝ፣ ጣልኩት።»

ሳቁ። እሷም ሳቀች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሃያ ዓመት ያልሰማችውን ወሬ ሁሉ ልትሰማ ፈለገች፤ ማን ማንን ጠላ፣ ማን ምን ወለደ፣ የሞቱት እንዴት ሞቱ። ሴቶቹ ሲሰለቻቸው እንኳ «እሺ ከዚያስ?» ትል ነበር። ምጥ ቤት ገባች፣ ሕፃን ተቀበለች። ዳጉሳውን ራሷ ፈጨች፣ ጄላጋት ተይ ብትላትም። ሦስት ወር እንዲህ ሆነች። በሕይወቷ ደስ ብሏት የኖረችው ያን ሦስት ወር ነው ይላሉ፤ ያኔ ያያት ሰው ይህን አይክድም።

ጠመንጃው ከቀስቱ የበዛበት ዘመን ነበር። ከወንዙ ማዶ ያሉት ከብት ሊነዱ ይመጣሉ፣ የእኛዎቹም ሄደው ይነዳሉ፤ በፊት በቀስት ሲሆን አንድ ሁለት ሰው ይሞትና ሽማግሌ ገብቶ ይታረቅ ነበር። ጠመንጃ ሲመጣ ሽማግሌ የሚገባበት ጊዜ አልተገኘም። የካፕሶኮም ደንብ ተኩስ ሲሰማ ሴትና ልጅ ወደ ገደሉ ዋሻዎች እንዲወጣ፣ ወንድ ከታች እንዲቀር ነበር።

ያን ዕለት የያቶር ቤት ተራ ነበር። ረፋዱ ላይ ከወንዙ በኩል ተኩስ ተሰማ፤ አንድ፣ ሁለት፣ ከዚያም መቁጠር ቀረ። ሴቶቹ ሮጡ። ተሪኪ የጎረቤቷን ሕፃን ታቅፋ ከጄላጋት ኋላ ወጣች። ከሦስት ወር በፊት ቢሆን ኖሮ ከታች ከውሃው አፍ የምትቆመው እሷ ነበረች። መንገዱ ግማሽ ላይ ስትደርስ ዞር ብላ አየች። ማሳቸው ከዚያ ይታያል። ውሃው በየፈሩ ገብቶ ያብረቀርቃል። ከውሃው አፍ ላይ አንድ ሰው ቆሟል።

ሌሎቹ ወንዶች ወደ ከብቶቹ በረት፣ ወደ ድንጋዮቹ ጀርባ ሲሮጡ ይታይ ነበር። እሱ አልሮጠም። ተሪኪ ሕፃኑን ለጄላጋት ሰጥታ ነጠላዋን አውልቃ አውለበለበች፣ ተወው፣ ተወው እያለች ጮኸች። ርቀቱ ድምፅ አያደርስም። ኪቦር አንድ ጊዜ ቀና ብሎ ወደ ገደሉ ያየ መሰላቸው። ከዚያ ጎንበስ ብሎ ድንጋዩን አስተካከለ፤ ውሃው ወደ ጎን እየሾለከ ነበር መሰል። ከብቱን ፍለጋ የመጡት በማሳው ጠርዝ ሲያልፉ ቆሞ አገኙት።

በዚያ ረፋድ ከካፕሶኮም አሥራ አንድ ሰው ሞተ። ሁለቱ የኪሳንግ ልጆች ነበሩ፤ እነዚያው ድንጋይ እያነሱ ውሃ የሚሰርቁት። ቤቶቹ ተቃጠሉ፣ ከብቱና ፍየሉ ሁሉ ተነዳ። ሴቶቹ ሲወርዱ የኪቦርን ማሳ ውሃ ሞልቶት ነበር፤ ተራው አልፎ የሚዘጋው ሰው ስላልነበረ ፈሰሰ። ጄላጋት ከጭቃው አነሳችው። ፊቱን በቀሚሷ ጠርጋ፣ ተሪኪን ሳታያት፣ «ሁለት ዓመት ብዬሽ ነበር» አለቻት። ከዚያ በኋላ እስከ መጨረሻው ይህን ነገር አላነሳችባትም።

የተረፈው ሕዝብ ገደሉን ወጥቶ በደጋው ዳር ሰፈረ። በሁለተኛው ወር ሽማግሌዎቹ ከአንድ ትልቅ ሾላ ሥር ተሰበሰቡ፤ ወንድ ያጡ ቤቶች ተራቸው ለማን እንደሚሆን ሊነጋገሩ። ተሪኪ ሳትጠራ ሄዳ ከወንዶቹ ፊት ቆመች። ተራዬን መልሱልኝ፣ ቀንዱ ሲነፋ እንደ ድሮዬ እወጣለሁ አለች። ሰው ሁሉ አንገቱን ደፋ። መልሱን የሚያውቀው ሁሉም ነበር፤ የመናገሩ ዕዳ ግን የኪሳንግ ነው።

«ተሪኪ» አለ። «ያኔ ቼፕኮንጋ ሲፈርድልሽ ቆሜ ሰማሁ። ፍርዱን ጠላሁት፣ ግን ተቀበልኩት። ዛሬም ሕጉ ያው ነው። ወንድነቱን በሁላችን ፊት ለልጅሽ ሰጠሽ። ልጁ ይዞት ሄደ። ሰው ሁለት ጊዜ ወንድ አይሆንም።»

አንዱ ሽማግሌ ጄላጋት ገና አልደረቀችም፣ ለቤቱ ሌላ ልጅ ልትወልድ ትችላለች አለ። ጄላጋት ከሴቶቹ መካከል ሆና ማህፀኔን ከኪቦር ጋር ቀብሬዋለሁ ብላ መለሰች። ተሪኪ ሌላ ሚስት ታግባ ቢባል ደግሞ ማጫ የሚሆን አንዲት ፍየል እንኳ አልቀረም።

ኪሳንግ ወደ ተሪኪ ጠጋ አለ። «ወደ እኔ ቤት ግቢ። ማሳሽን ከማሳዬ ጋር አጠጣዋለሁ። ከእንግዲህ ምን ቀረን?»

«ሃያ ዓመት እምቢ ያልኩህን ዛሬ እሺ ካልኩህ ሃያውን ዓመት ለምን ኖርኩት?»

ኪሳንግ አልተቆጣም። ልጆቹን የቀበረበት አፈር ገና ከጥፍሩ አልወጣም ነበር። የያቶር ቤት ተራ ወደ ኪሳንግ ቤት ተጨመረ ተባለ፣ ሽማግሌዎቹ ተነሱ። ተጨመረ የተባለው ውሃ ግን ያኔ የለም። ጠጋኝ ስለጠፋ ቦዩ በዚያው ክረምት በናዳ ተደፈነ፤ አራት ዓመት አንድ ጠብታ አልወረደበትም።

በኋላ ሰላም ሲሆን ሰዉ ተመለሰ። ቦዩ ተጠረገ፣ ከገደሉ ላይም የእንጨቱ ግንድ በብረት ቧንቧ ተተካ። ማሽላ የነበረበት ማሳ አሁን ማንጎ ሆኗል፤ በጭነት መኪና እየተጫነ ወደ ከተማ ይሄዳል። ካውንቲ የሚባለው አስተዳደር ሲቋቋም አንድ ወጣት ደብተር ይዞ መጥቶ የውሃ ተጠቃሚዎችን ስም መዘገበ። በኪሳንግ ልጆች ስም ሁለት ተራ ተጻፈ። የያቶር ቤት አልተጠራም፤ ወጣቱም የሚጠይቀው አልነበረውም።

ተሪኪና ጄላጋት አልተመለሱም። ጄላጋት ወንድሟ ዘንድ ተጠጋች፤ ተሪኪንም ይዛት ሄደች፣ ባሏ ናትና። የወንድሟ ልጆች ግን ተሪኪን የማን ምን ብለው እንደሚጠሩ አያውቁም ነበር፤ አሮጊቷ ይሏታል። እንጨት ትለቅማለች፣ ድንች ትለያለች። ጄላጋት በሳንባ በሽታ ቀድማት ሞተች። ሲቀብሯት የባል አፈር መጀመሪያ ይጣላል ተባለና ሁሉም ዙሪያውን ሲያይ ተሪኪ ጎንበስ ብላ ጣለች።

ከካፕሶኮም ሰው መጨረሻ ያያት ድንች ልትገዛ የወጣች የድሮ ጎረቤቷ ናት፤ ካውንቲው በተቋቋመ በሁለተኛው ዓመት፣ በረጅሙ ዝናብ ወራት። ተሪኪ ዓይኗ ደክሞ ሰውን በድምፅ ነበር የምታውቀው። በጄላጋት ወንድም ግቢ፣ ከድንቹ መጋዘን ጀርባ ባለችው የሣር ጎጆ ውስጥ ትኖር ነበር። ጎረቤቷ የመንደሩን ወሬ ስታወራላት ተሪኪ «እሺ ከዚያስ?» እያለች እስኪመሽ አስቀመጠቻት።